ፓቬል ላንዶቭስኪ፦ በረዳት ተዋናይነት ዕድሜ ልክ መኖር ይቻላል?

የማርቆስ ልጅ፦
ሰላም ወገኖች። ደብረ ማርቆስ አንድ የቲያትር ክበብ ውስጥ እሠራለሁ። ሁልጊዜ የሚደርሰኝ ወይ ዘበኛ፣ ወይ ጎረቤት፣ ወይ የሠርግ ሽማግሌ ነው። ሥራውን እወደዋለሁ፤ ግን ዕድሜ ልክ የሚሠራ ሙያ ነው ወይ? ሰሞኑን ስለ ቼክ ተዋንያን ሳነብ ላንዶቭስኪ የሚባል ሰው ስም ደጋግሞ መጣብኝ። እንዴት እንደጀመረ የምታውቁ እስቲ ንገሩኝ።

እናና ከባሕር ዳር፦
ወንድምዓለም፣ ጥሩ ሰው መረጥህ። ተወልዶ ያደገው ከፕራግ ውጭ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1936 ተወልዶ በ2014 አረፈ። የፕራግ የቲያትር ትምህርት ቤት አልተቀበለውም። ስለዚህ ሙያውን የለመደው በክፍለ ሀገር ቲያትር ቤቶች እየዞረ ነው። በ1960ዎቹ ፕራግ ውስጥ ቺኖሄርኒ ክሉብ የሚባል ትንሽ ቲያትር ቤት ገባ። እዚያ ቤት ከሁሉም በላይ የሚከበረው የተዋናዩ ችሎታ ነበር። እሱም ይተውናል፣ ተውኔትም ይጽፋል።

አባይ ማዶ፦
ዋናውን ነገር ዘለልሽው እናና። በጥር 1977 የወጣውን ቻርተር 77 የተባለ የሰብአዊ መብት ሰነድ ፈረመ። ይባስ ብሎ ከጸሐፊዎቹ ከቫስላቭ ሃቬልና ከሉድቪክ ቫትሱሊክ ጋር ሆነው ሰነዱን ለመንግሥት ሊያደርሱ ሲሄዱ መኪናውን የሚነዳው እሱ ነበር፣ ፖሊስም መንገድ ላይ ያዛቸው። ከዚያ በኋላ አገሩ ላይ ሥራ አጣ። ወደ ቪየና ተሰዶ ቡርግቲያትር የሚባል ቲያትር ቤት ገባ። አርባ ዓመት ካለፈህ በኋላ በሰው አገር፣ በጀርመንኛ መድረክ ላይ መቆም ምን ማለት እንደሆነ አስበው! እኔ ሰውየውን የማከብረው በዚህ ነው። የኮሚኒስቱ መንግሥት ከወደቀበት ከ1989ኙ ለውጥ በኋላ ነው አገሩ ተመልሶ የሠራው።

ቢቸና፦
ከሚላን ኩንዴራ ልብ ወለድ በተሠራው የ1988 ፊልም ላይ አሳማ የሚያረባ ገበሬ ሆኖ ይጫወታል። አሳማውን ሜፊስቶ ይለዋል፤ እንደ ቤተሰብ ነው የሚይዘው። ያደግሁት ገጠር ነው፣ ገበሬ እንግዳ ሲመጣበት እንዴት እንደሚሆን አውቃለሁ፣ ይሄ ሰውዬ ደግሞ ገበሬ ነኝ ብሎ ለማሳመን ሲታገል አታየውም፣ ዝም ብሎ ቤቱ ያለ ሰው ነው። የታየባት ጊዜ አጭር ናት። እኔ ግን ፊልሙ ሲነሣ ቀድሞ ትዝ የሚለኝ እሱ ነው።

እናና ከባሕር ዳር፦
ኑሮውን በተመለከተ ግን እውነቱን ልንገርህ። ቼኮቹ ጋ ቲያትር ቤቶች ቋሚ ተዋንያን ነበሯቸው፤ ደመወዙ ከመድረክ ይመጣል፣ ፊልሙና ቴሌቪዥኑ ተጨማሪ ነው። እኛ ጋ በቀረጻ ቀን እየተከፈለህ ቤት ማስተዳደር ከባድ ነው። ስለዚህ ሌላ ሥራህን አትልቀቅ። ባሕር ዳር ስትመጣ ሙሉዓለም የባህል ማዕከል ጎራ ብለህ ነባሮቹን ስለ ቅጥሩ ጠይቃቸው።

የማርቆስ ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ፣ ደህና አድርጋችሁ መለሳችሁልኝ። ሥራዬንም አልለቅም። ከለውጡ በኋላ ከሠራቸው የቱን ልፈልግ?

አባይ ማዶ፦
የ1992ቱን የወታደር ኮሜዲ፣ ቼርኒ ባሮኒን። እዚያ ላይ ሻለቃ ሆኖ ሲጮህ ታገኘዋለህ።