በ106 ሮም ሁለት አገር ያዘች። ስለ አንዱ ለምን ብዙም አይወራም?

አንባቢዋ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው። ስለ ንጉሠ ነገሥት ትራጃን እያነበብኩ 106 ላይ ስደርስ ግራ ገባኝ። በዚያ ዓመት ዳኪያ፣ ማለትም የዛሬዋ ሩማንያ አካባቢ፣ በጦርነት ተያዘች። በዚያው ዓመት በዛሬዋ ዮርዳኖስ የምትገኘውን የፔትራን ከተማ የሠሩት የናባጢያውያን መንግሥትም የሮም ግዛት ሆነ። ስለ ዳኪያ የተጻፈው ሞልቷል። ስለ ናባጢያውያን ግን አንድ ሁለት መስመር ነው የማገኘው። ያን ያህል ሀብታም መንግሥት እንዴት እንዲህ በቀላሉ አለቀለት?

ዳንዩብ ማዶ፦
ዳኪያ የምትወራው ትራጃን ራሱ እንድትወራ ስለፈለገ ነው። በ113 ሮም ውስጥ የተመረቀው ዓምድ ላይ ጦርነቱ ከታች እስከ ላይ ተቀርጿል። ንጉሡ ደኬባሉስ እንዳይማረክ ራሱን ሲገድል ሳይቀር ይታያል። የሮም ታሪክ ጸሐፊው ካሲዮስ ዲዮ እንደሚለው ለድሉ 123 ቀን ትርኢት ተደርጎ 10,000 ግላዲያተሮች ተፋልመዋል። ደኬባሉስ ወንዝ አስቀይሶ ከሥሩ የቀበረው ወርቅም አንድ ምርኮኛ ጠቁሞ ወጣ። ናባጢያ እንዲህ ያለ ታሪክ የላትም።

የጥንት ወዳጅ፦
ስለ ዓምዱ ያልከው ልክ ነው፣ ወንድሜ። ታሪክ የላትም በሚለው ግን አልስማማም። እኔ እንዲያውም ከዚያ ዓመት የናባጢያን ነው የማስበልጠው።

ንጉሥ ራብኤል ሁለተኛ ከ70 ጀምሮ ነግሦ በ106 ሞተ። የሶርያ ገዥ ኮርኔሊዎስ ፓልማ ወዲያው አገሩን ጠቀለለ። ዲዮ ለዚህ የሰጠው አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፤ ያውም የዚያ ክፍል መጽሐፉ የደረሰን ተጨምቆ ነው። አንባቢዋ፣ አንድ ሁለት መስመር ብቻ የምታገኚው ለዚህ ነው። ትራጃንም ከዳኪያ ድል "ዳኪኩስ" የሚል ማዕረግ ሲወስድ ከአረቢያ (ሮማውያን ናባጢያን ግዛት ሲያደርጉ የሰጧት ስም ነው) ምንም አልወሰደም። በሳንቲሞቹ ላይ ዳኪያ አዝና የተቀመጠች ሴት ናት። አረቢያ ግን ቆማ ነው የምትታየው፣ እግሯ ሥር ግመል አለ።

በቀላሉ አለቀለት ላልሽው፣ ናባጢያውያን ከድሮም የሮም ጥገኛ ነገሥታት ነበሯቸው። ሮም እንዲህ ዓይነቶቹን መንግሥታት አንድ በአንድ ስትጠቀልል ነው የቆየችው፤ ኮማጌኔ በ72 ሄዷል። ናባጢያ በሶርያና በግብፅ መካከል የቀረች ክፍተት ነበረች። የዕጣኑና የከርቤው መንገድም በእሷ ያልፋል። ንጉሡ ሲሞት ክፍተቱ ተደፈነ።

ከዚያ የሚመጣውን በጣም እወደዋለሁ። ዩልዮስ አፖሊናሪዮስ የሚባል ከግብፅ የመጣ ወታደር በማርች 107 ለአባቱ የጻፈው ደብዳቤ በፓፒረስ ላይ ተገኝቷል። ሌሎቹ ቀኑን ሙሉ ድንጋይ ሲፈልጡ እሱ ማዕረግ ስላለው ምንም ሳይሠራ እንደሚንጎራደድ ይነግረዋል። አገሩ ከተያዘ ዓመት ገደማ ቢሆነው ነው፤ ጦሩ ድንጋይ እየፈለጠ ነው! ብዙም ሳይቆይ፣ ከ111 እስከ 114፣ በዛሬዋ ሶርያ ካለችው ከቦስትራ ከተማ እስከ ቀይ ባሕር ዳር አዲስ መንገድ ተሠራ። የርቀት ምልክት ድንጋዮቹ ላይ ትራጃን አረቢያን ግዛት አድርጎ መንገዱን እንደከፈተ ተጽፏል። ዓምድ ባይቆምላትም እንዲህ ነው የተያዘችው፤ በመንገድ፣ በቆጠራና በፍርድ ቤት።

አንባቢዋ፦
በጣም አመሰግናለሁ። ሕዝቡስ ምን ሆነ? ተራው ሰው ለውጡን አውቆታል?

የጥንት ወዳጅ፦
በደንብ አውቆታል። ባባታ የምትባል አይሁዳዊት ነበረች፣ ከሙት ባሕር በስተደቡብ ማሖዛ የምትኖር። ሰነዶቿ በ1961 አንድ ዋሻ ውስጥ ተገኙ። ከ106 በፊት የተጻፉት በናባጢያ ነገሥታት ዘመን ነው የሚቆጥሩት። በኋላ የመጡት በሮም ቆንስሎች፣ ማለትም በየዓመቱ በሚሾሙት ከፍተኛ ሹማምንት ስም፣ እና በአዲሱ ግዛት ዓመት ይቆጥራሉ።

ባሏ ሞቶ ልጇ ወላጅ አልባ ሲባል የፔትራ ምክር ቤት ሁለት ሞግዚቶች ሾመለት፤ አንዱ አይሁዳዊ፣ አንዱ ናባጢያዊ። ለልጁ በወር 2 ዲናር ብቻ ይሰጡ ነበር። አልበቃ አላት። ከሮማዊው ገዥ ፊት ፔትራ ድረስ ከሰሰቻቸው። በ127 ደግሞ ለቆጠራ ራባት ወደምትባለው የአካባቢው ከተማ ሄዳ የተምር እርሻዎቿን በቄሳር ስም ምላ አስመዘገበች። መጻፍ ስለማትችል ሌላ ሰው ነው የፈረመላት። ይህች ሴት ለእኔ ከዓምዱ ቅርጽ ሁሉ ትበልጣለች። ሮም ሰው ቤት ስትገባ ምን እንደምትመስል የምናየው በእሷ ነው፤ ግብር አለ፣ መሐላ አለ፣ ግን ክስ የሚሰማ ዳኛም አለ።

ዳንዩብ ማዶ፦
እሺ፣ ይሄ ያሳምናል። ከዳኪያስ እንዲህ ዓይነት ነገር አለ?

የጥንት ወዳጅ፦
አለ እንጂ። አልቡርኑስ ማዮር ከሚባለው የወርቅ ማዕድን የወጡትን የሰም ሰሌዳዎች ፈልግ። የማዕድን ሠራተኞች የቅጥር ውልና የባሪያ ሽያጭ ውል አለባቸው። እነሱን ካነበብክ በኋላ ዓምዱን እንደገና እየው።