ሊዝ ስሚዝ ዘገየች ወይስ አዘገዩዋት?

የሲኒማ ወዳጅ፦
ስሟን ባታውቁትም ፊቷን አይታችሁት ይሆናል። በ2005 በወጣው «ቻርሊ ኤንድ ዘ ቾኮሌት ፋክተሪ» ፊልም ላይ አንድ አልጋ ላይ ከሚተኙት አራት አያቶች አንዷ ናት። ሊዝ ስሚዝ፣ እንግሊዛዊት ተዋናይት፣ በ1921 የተወለደች (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው)። ከወጣትነቷ ጀምሮ ቲያትር ሠርታለች። ያያት ግን አልነበረም። ማይክ ሊ የሚባል ጀማሪ ዳይሬክተር ሲደውልላት፣ ለንደን ሃምሊስ መደብር ቆማ ለገና የልጆች መጫወቻ ትሸጥ ነበር። የሠራችበት የእሱ ፊልም «ብሊክ ሞመንትስ» በ1971 ሲወጣ ወደ 50 ተጠግታለች። ብዙ ሰው ይህን ታሪክ «መቼም አይረፍድም» እያለ ያወራዋል። እኔን ያናድደኛል። የሰው ወጣትነት የበላ ኢንዱስትሪ አይመሰገንም።

ታዛቢ፦
ወዳጄ፣ ማን በላው? ሴትየዋ ከባሏ ተፋታ ሁለት ልጆች ለብቻዋ ታሳድግ ነበር። እንጀራ ይቀድማል። ደግሞ ያ ኑሮ ነው ያበሰላት። እናቷን በሕፃንነቷ አጥታ አያቷ ናቸው ያሳደጓት። «ዘ ሮይል ፋሚሊ» በሚባለው የእንግሊዝ የቴሌቪዥን ኮሜዲ ላይ አያቲቱን ናናን ስትሆን ከየት እንዳመጣችው ያስታውቃል። በ2006ቱ ክፍል ናና ስትሞት እኔ እንባዬን መያዝ አቅቶኛል። በዚያ ላይ እስከ 2009 ሠርታለች። 38 ዓመት! ይሄ የተቀማ ሰው ታሪክ ነው?

አራዳዋ፦
ታዛቢ፣ የልጆቹ ነገር እውነት ነው። እኔም ብቻዬን ነው የማሳድገው፣ ይገባኛል። ግን ይህን ስማኝ። በ1984 «ኤ ፕራይቬት ፋንክሽን» በሚባለው ፊልም ላይ የታዋቂዋ ተዋናይት የማጊ ስሚዝ እናት ሆና ሠራች። ማጊ የ1934 ልጅ ናት። በመካከላቸው ያለው 13 ዓመት ብቻ ነው! ሁለቱም በፊልሙ ባፍታ የሚባለውን የእንግሊዝ የፊልም ሽልማት ወሰዱ፤ ማጊ በዋና ተዋናይት፣ ሊዝ በረዳት ተዋናይት። በዓመቱ ሮጀር ሙር በ57 ዓመቱ ጄምስ ቦንድ ነበር። ወንዱ በዚያ ዕድሜ ያፈቅራል፣ ይፈቀራል። እሷ አሮጊት ናት።

ታዛቢ፦
በቦንዱ አልከራከርሽም። ግን ረዳት ተዋናይ መሆን ውርደት አይደለም። ሕዝቡ አያት ሆና ነው የወደዳት። ሌላ ሚና ቢሰጣት ይህን ያህል ትታወስ ነበር ወይ?

የሲኒማ ወዳጅ፦
ተሰጥቷት ነበር እኮ! በ1973 ማይክ ሊ ለቢቢሲ በሠራው «ሃርድ ሌበር» ዋናዋ እሷ ናት። የሰው ቤት የምታጸዳ፣ የእንግሊዟ ከተማ የሳልፎርድ ሴት፣ በገዛ ቤቷም እረፍት የሌላት። ብዙ አትናገርም። ፊልሙን ግን ብቻዋን ተሸክማዋለች። እንዲህ የምትችልን ተዋናይት ከዚያ በኋላ በአብዛኛው የጠሯት ለእናትነት፣ ለአያትነትና ለአሮጊት ጎረቤት ነው። ረዳት መሆን ውርደት ነው አላልኩም። ምርጫው የእሷ አልነበረም ነው ያልኩት። «ሃርድ ሌበር»ን ፈልገህ እየውና ተመለስ። እዚሁ እጠብቅሃለሁ።