ሮም ላይ ቅዳሜ ከሰዓት ብቻ ነው ያለን፤ የትኛውን የእግር ጉብኝት እንያዝ?

ጣና ዳር (ባህር ዳር)

ሰላም ጎበዝ። ሁለት ሆነን ለሥልጠና ሮም እንሄዳለን። ቪዛው ወጥቷል፣ ሆቴሉም ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ተይዟል። ሥልጠናው ቀኑን ሙሉ ስለሆነ ከተማውን የምናይበት ጊዜ መጋቢት 19 ቅዳሜ ከሰዓት ብቻ ነው፤ እሑድ በማለዳ ወደ አየር ማረፊያ እንወጣለን። በአስጎብኚ የሚመራ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ የሚወስድ የእግር ጉብኝት አስበናል። ኢንተርኔት ላይ አንዱ "ነፃ" ይላል፣ አንዱ 20 ዩሮ፣ ሌላው 60 ዩሮ። ልዩነቱ ምንድን ነው? በየት በኩል የሚሄደውን ብንይዝ ይሻላል? ጾም ላይ ስለምንሆን የምግቡንም ነገር ብትነግሩን ደስ ይለናል።

ዳሞት (ቡሬ)

ከዋጋው ልጀምር። "ነፃ" የሚባለው በጉርሻ የሚሠራ ነው። ስትመዘገቡ አትከፍሉም፤ መጨረሻ ላይ ለአስጎብኚው በእጁ ትሰጣላችሁ። በሰው ከ10 እስከ 15 ዩሮ የተለመደ ነው፣ ጥሬ ገንዘብ ያዙ። ብዙ ጊዜ አስጎብኚው ራሱ ለአስመዝጋቢው ድርጅት በተመዘገበው ሰው ልክ ስለሚከፍል፣ በባዶ እጅ አመስግኖ መሄድ እሱን ያከስረዋል። ለአራት አስመዝግቦ ሁለት ሆኖ መምጣትም እንደዚያው። ቡድኑ ግን ትልቅ ነው፤ ሃያና ከዚያ በላይ ሰው ይሆናል፣ ከኋላ የቀረ አይሰማም።

20 ዩሮው አብዛኛውን ጊዜ ያው መስመር ሆኖ ሰው አነስ ያለበት ነው። አንገት ላይ የሚንጠለጠል መቀበያና የጆሮ ማዳመጫ ይሰጣሉ ወይ ብላችሁ ጠይቁ። ካለ አስጎብኚው አሥር ሜትር ቢርቅም ትሰማላችሁ፤ ከሌለ 20 ዩሮ መክፈሉ አይታየኝም። 60ው ኮሎሲየምን የመሰለ የመግቢያ ትኬት ያለበት ነው። ለእናንተ አይሆንም፤ የኮሎሲየም ትኬት በስም ስለሆነ ፓስፖርት ይታያል፣ ፍተሻው ወረፋ አለው፣ ሁለት ሰዓት ተኩሉን እዚያው ይበላዋል።

መስመሩን በተመለከተ፣ ከስፔን ደረጃዎች ተነሥቶ በትሬቪ ፋውንቴን (የውሃ ፏፏቴ)፣ በፓንቴዮን (የጥንት ሮማውያን ቤተ መቅደስ) አድርጎ ናቮና አደባባይ የሚያልቀውን ያዙ። አራቱ ሲደመሩ ሁለት ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ እናንተ ከተማ ከጊዮርጊስ ተነሥቶ አባይ ድልድይ ድረስ ከመሄድ አይበልጥም። ጊዜ የሚወስደው ቆሞ ማዳመጡ ነው። ከስፔን ደረጃዎች ትሬቪ አሥር ደቂቃ፣ ከትሬቪ ፓንቴዮን ሌላ አሥር፣ ከፓንቴዮን ናቮና አምስት። ከሆቴላችሁ ወደ መነሻው ሜትሮ ኤ መስመርን በባቲስቲኒ አቅጣጫ ትይዛላችሁ። ሪፑብሊካ፣ ባርቤሪኒ፣ ከዚያ ስፓኛ፤ ሦስተኛው ላይ መውረድ ነው። ትኬቱ 1.50 ዩሮ ነው።

ደረጃዎቹ 135 ናቸው። ሰው ሁሉ ፎቶ ላይ ተቀምጦ ስለሚታይ መቀመጥ የሚቻል ይመስላል፤ እ.ኤ.አ. ከ2019 ጀምሮ ግን ተከልክሏል፣ ከ250 ዩሮ ጀምሮ ያስቀጣል። አስጎብኚው እስኪመጣ እግራችሁ ቢደክም ደረጃው ላይ እንዳትቀመጡ።

የሚገናኙበትን ቦታ በደንብ አንብቡ። "ስፔን ደረጃዎች" ብቻ ከሆነ ከላይ ቤተ ክርስቲያኑ ጋ ነው ወይስ ከታች ጀልባ የሚመስለው ፋውንቴን ጋ? በዚያ ሰዓት አምስት ስድስት ቡድን እዚያው ይሰበሰባል፤ ሁሉም ጃንጥላ ወይም ባንዲራ ይዞ ነው የሚቆመው። የጃንጥላውን ቀለምና የድርጅቱን ስም ይዛችሁ ሂዱ። ጣሊያን ውስጥ አስጎብኚነት ፈቃድ ይፈልጋል፤ ፈቃድ ያለው ባጁን አንገቱ ላይ ያንጠለጥላል። የሌለው ከሆነ ፖሊስ ሲያይ መንገድ ይቀይራል፣ ያለቦታው ያቋርጣል፤ የሚጎዳው ቡድኑ ነው።

እቴነሽ (ፍኖተ ሰላም)

ዳሞት ያለው ልክ ነው፤ የሰዓቱን ነገር ግን ማንም ሳያነሣው እንዳያልፍ። ማስያዣው ላይ 15:00 ካለ በእኛ አቆጣጠር ከቀኑ 9 ሰዓት ነው። "3:00 ፒ.ኤም." ብሎ ቢመጣም ያው ነው፤ 3 ሰዓት ብሎ ማንበብ በጠዋት ያስወጣችኋል። ቀኑንም በእነሱ አድርጋችሁ አስይዙ፤ መጋቢት 19 ማለት ማርች 28 ነው።

ሁለተኛው የባሰ ነው። አውሮፓ ሰዓቱን አንድ ሰዓት ወደፊት የሚገፋው በማርች የመጨረሻው እሑድ ሌሊት ነው፤ ያ ሌሊት ደግሞ የእናንተ የመጨረሻ ሌሊት ነው። ከሌሊቱ 8 ሰዓት ሲሆን 9 ሰዓት ይባላል። ስልክ ራሱ ያስተካክላል፤ የእጅ ሰዓትና የሆቴል ክፍል ሰዓት ግን አያስተካክሉም። የማለዳ በረራ ያለው ሰው አንድ ሰዓት እንቅልፍ ብቻ ሳይሆን አውሮፕላንም ሊያመልጠው ይችላል። ከተርሚኒ ወደ ፊውሚቺኖ አየር ማረፊያ የሚሄደው ሌዎናርዶ ኤክስፕረስ ባቡር 32 ደቂቃ ይፈጃል፣ 14 ዩሮ ነው፤ የወረቀት ትኬት ከሆነ ከመሳፈር በፊት ማሽኑ ላይ ማስመታት ግድ ነው።

ደግሞ ያ ቅዳሜ የእነሱ የሆሳዕና ዋዜማ ነው፤ ፋሲካቸው ዘንድሮ ከእኛ በሳምንት ይቀድማል። ከተማው በምዕመን ይሞላል። ዛሬውኑ አስይዙ።

የማርቆስ ልጅ (ደብረ ማርቆስ)

ጎጃሜ ሆኖ ናቮናን በችኮላ ማለፍ ነውር ነው፤ ምክንያቱን ልንገራችሁ።

መሐል ላይ ያለው የአራቱ ወንዞች ፋውንቴን ነው። ቀራጺው በርኒኒ የነደፈው፣ እ.ኤ.አ. በ1651 የተጠናቀቀ። አራት ግዙፍ ሰዎች አራት ወንዞችን ይወክላሉ፦ ዳኑብ፣ ጋንጅስ፣ ላ ፕላታ እና አባይ። ሦስቱ ፊታቸው ይታያል። አባይ ግን ጨርቅ ራሱ ላይ ስቦ ፊቱን ሸፍኗል። አስጎብኚው "ምንጩ ስለማይታወቅ ነው" ይላችኋል። ዘንባባና አንበሳ ያሉበትን ጎን ፈልጉ፣ አባይን እዚያ ታገኙታላችሁ።

እንግዲህ ነገሩ እንዲህ ነው። ጴድሮ ፓኤዝ የተባለው ኢየሱሳዊ (የካቶሊክ ማኅበር ቄስ) ከአፄ ሱስንዮስ ጋር ሰከላ ወጥቶ ግሽ አባይን ያየው እ.ኤ.አ. በ1618 ነው። ፋውንቴኑ ከመጠናቀቁ 33 ዓመት በፊት መሆኑ ነው። ያየውን ጽፏል፤ ጽሑፉ ግን በዘመኑ አልታተመም። ፋውንቴኑ ላይ በቆመው የግብፅ ሐውልት ላይ ስላለው ጽሑፍ እንዲያማክር የተጠራው አትናስዮስ ኪርሸር ራሱም ኢየሱሳዊ ነበር፤ የፓኤዝን ዘገባ አውሮፓ ውስጥ ያሳተመውም ያው ሰው ነው፣ ፋውንቴኑ በተመረቀ በዓመቱ ገደማ። ፊቱ ሲሸፈን ምንጩን የሚያውቅ ሰው እዚያው ከተማ ውስጥ እንደነበር አስጎብኚው አይነግራችሁም፤ እናንተ ጠይቁት። የሰከላ ሰው እንኳ ፓኤዝም ሳይመጣ ያውቀው ነበር፤ ያ ሌላ ነገር ነው።

አንድ የሚሰማ ውሸትም አለ። ላ ፕላታ እጁን ያነሣው ፊት ለፊቱ ያለው የሳንት አኜዜ ቤተ ክርስቲያን እንዳይወድቅበት ፈርቶ ነው፣ በርኒኒ ተቀናቃኙን፣ የቤተ ክርስቲያኑን አርክቴክት ቦሮሚኒን ሲያሾፍበት ነው ይላሉ። ቤተ ክርስቲያኑ መሠራት የጀመረው በ1652 ነው፤ ፋውንቴኑ ካለቀ በኋላ። ይህን እንደ እውነት የሚነግር አስጎብኚ ሌላውንም ሲናገር በጥርጣሬ ስሙት።

ፓንቴዮን ውስጥም ለኛ ሰው የሚሆን ነገር አለ። ጣሊያን በዓድዋ ስትሸነፍ ዙፋን ላይ የነበረው ቀዳማዊ ኡምቤርቶ የተቀበረው እዚያ ነው፤ የኛው ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ጦር ዓድዋ ላይ የገጠመው የእሱን ሠራዊት ነው። የሠዓሊው ራፋኤል መቃብርም እዚያው ነው። ጉልላቱ 43.3 ሜትር ስፋትና ያንኑ ያህል ከፍታ አለው፣ ብረት የሌለበት ኮንክሪት ነው፤ ዐናቱ ላይ ዘጠኝ ሜትር ገደማ ክፍት ነው፣ ዝናብም ይገባበታል። ወለሉ ወደ መሐል ጎበጥ ብሎ ውሃ መውረጃ ቀዳዳዎች አሉት፤ ዝቅ ብላችሁ ፈልጓቸው።

መግቢያው 5 ዩሮ ነው፤ የእግር ጉብኝቱ ግን አብዛኛውን ጊዜ ደጁ ላይ ቆሞ አስረድቶ ያልፋል። ስለዚህ ናቮና ጨርሳችሁ ተመለሱና ግቡ፤ አምስት ደቂቃ ነው።

እቴነሽ (ፍኖተ ሰላም)

ወንድሜ የማርቆስ ልጅ፣ እሱ ላይ አልስማማም። ፓንቴዮን ዛሬም ቤተ ክርስቲያን ነው፣ እ.ኤ.አ. ከ609 ጀምሮ። ቅዳሜ በእነሱ 17:00፣ በእኛ 11 ሰዓት ላይ ቅዳሴ አለው፤ ጎብኚ ቀደም ብሎ ያስወጣሉ። በ15:00 የሚነሣ ጉብኝት ናቮና የሚደርሰው በዚያው ሰዓት ነው፤ ሲመለሱ በሩ ይዘጋባቸዋል። ከጉብኝቱ በፊት፣ በእኛ 7 ሰዓት ላይ ገብተው አይተው ወደ ስፔን ደረጃዎች ቢሄዱ ይሻላል። ትኬቱን ቀድመው በኦፊሴላዊው ድረ ገጽ ይግዙ፤ በር ላይ "ያለ ወረፋ" እያሉ በእጥፍ የሚሸጡ አሉ። ትከሻና ጉልበት ይሸፈን።

የማርቆስ ልጅ (ደብረ ማርቆስ)

ልክ ነሽ እኅቴ፣ የቅዳሜውን አላሰብኩትም። በፊት ይግቡ።

ጣና ዳር (ባህር ዳር)

እግዜር ይስጥልን። ሆቴላችን አካባቢ የሚታይ ነገር ይኖራል? የአክሱም ሐውልት የቆመበትስ ሩቅ ነው?

የማርቆስ ልጅ (ደብረ ማርቆስ)

ሐውልቱ የቆመበት ፖርታ ካፔና አደባባይ ነው፣ ፋኦ (የተመድ የምግብና እርሻ ድርጅት) ሕንፃ ፊት፤ በሜትሮ ቢ መስመር ቺርኮ ማሲሞ ትወርዳላችሁ። እ.ኤ.አ. ከ1937 ጀምሮ እዚያ ነበር፣ በ2005 ተመልሶ አክሱም ላይ በ2008 ቆሟል። አሁን ሐውልቱ የለምና ጊዜ ካጠረባችሁ ይቅር።

ሆቴላችሁ ደጅ ያለው ግን አይቅር። ከተርሚኒ ፊት ያለው አደባባይ "የአምስት መቶዎቹ አደባባይ" ነው የሚባለው። አምስት መቶዎቹ ማለት ራስ አሉላ ዶጋሊ ላይ እ.ኤ.አ. በ1887 የደመሰሳቸው የጣሊያን ወታደሮች ናቸው። ወደ ሪፑብሊካ በኩል አምስት ደቂቃ ሲሄዱ በዛፍ መሐል መታሰቢያቸው አለ፤ የግብፅ ሐውልት ላይ የተሠራ ነው። በወረራው ዘመን ከአዲስ አበባ የዘረፉትን የይሁዳ አንበሳ እዚያው ሥር አስቀምጠውት ነበር፤ ዘርዓይ ደረስ እ.ኤ.አ. በ1938 ሰይፍ የመዘዘው በዚህ ቦታ ነው። አንበሳው ዛሬ ለገሀር ቆሟል። የትኛውም የእግር ጉብኝት ወደዚያ አይወስድም፣ በራሳችሁ እዩት፤ ግን ሲመሽ አትሂዱ፣ የጣቢያው ዙሪያ ሌባ አያጣም።

ዳሞት (ቡሬ)

ስለ ሌባ ካነሣን፣ ትሬቪ ላይ ሰው ወደ ውሃው እያየ ሳንቲም ሲወረውር ኪስ አውላቂው ከኋላ ነው። ቦርሳ ወደ ፊት ዙሮ ይታሰር። ከላይ ቆሞ ማየቱ ይበቃል፤ ወደ ውሃው ጠርዝ መውረዱ ቁጥጥርና ወረፋ አለው፣ ቡድኑ አይጠብቃችሁም። "ስጦታ ነው" ብሎ እጅ ላይ ክር የሚያስር ካጋጠማችሁ እጃችሁን ኪስ ከታችሁ ዝም ብላችሁ እለፉ፤ አንዴ ከታሰረ ሂሳብ ይመጣል። ስትመለሱ ከናቮና ወደ ተርሚኒ 64 ቁጥር አውቶቡስ አለ፤ በኪስ አውላቂ የታወቀ ስለሆነ 40 ቁጥርን ምረጡ፣ የሚቆምበት ፌርማታም ጥቂት ነው።

ጫማ፦ መንገዱ ጥቁር ኮብልስቶን ነው፣ ድንጋዩ የላላበት ብዙ ነው፣ ሲዘንብ ያንሸራትታል። ቀጭን ሶል አይሆንም። ውሃ አትግዙ፤ በየመንገዱ ቀን ከሌሊት የሚፈስ የብረት ቧንቧ አለ፣ ይጠጣል። ጫፉን በጣት ስትደፍኑት ከላይ ባለው ቀዳዳ ወደ አፍ ይወጣል።

እቴነሽ (ፍኖተ ሰላም)

የጾሙ ነገር ከባድ አይደለም። ፒዛ ማሪናራ ቲማቲም፣ ነጭ ሽንኩርትና ኦሬጋኖ ብቻ ነው፣ አይብ የለውም። ስፓጌቲ አሊዮ ኤ ኦሊዮ በዘይት፣ በነጭ ሽንኩርትና በሚጥሚጣ ነገር የተሠራ ነው። ፔኔ አራቢያታም ይሆናል፤ ግን ከላይ አይብ ይነሰንሱበታልና ስታዙ "ሴንሳ ፎርማጆ" በሉ። ስፓጌቲና ፔኔ በብዛት ያለ እንቁላል ነው የሚሠሩት፤ ፌቱቺኔ ግን እንቁላል አለበት። የሚያሳስተው አማትሪቻና ነው። ስጎው ቀይ ስለሆነ የጾም ይመስላል፣ ውስጡ ግን የአሳማ ጉንጭ ሥጋና የበግ አይብ ነው። በዚህ ወቅት አርቲቾክ የሚባል አትክልት ይበዛል፤ "አላ ጁዲያ" የሚሉት በዘይት ብቻ የተጠበሰ ነው።

ቡና በቁም ነው የሚጠጣው። ባንኮኒው ላይ ቆማችሁ ካዘዛችሁ ዋጋው ትንሽ ነው፤ ወንበር ከሳባችሁ፣ በተለይ ናቮና ላይ፣ ብዙ እጥፍ ይሆናል። ምግብ ቤት ውስጥ ደግሞ ሂሳቡ ላይ የዳቦ ወይም የአገልግሎት ተብሎ ተጨማሪ ክፍያ ሊኖር ይችላል፤ ሜኑው ላይ ተጽፎ ከሆነ ብቻ ነው የሚከፈለው።