ዴቪድ ሱሼ ፕዋሮን 25 ዓመት ሳያበላሽ እንዴት ያዘው?

ቃለ ተውኔት፦
ሰላም ለሁላችሁ። እንግሊዛዊው ዴቪድ ሱሼ መርማሪውን ኤርኩል ፕዋሮን እ.ኤ.አ. ከ1989 እስከ 2013 በ70 ክፍሎች ተጫውቶታል። የመጀመሪያዎቹንና የኋለኞቹን ክፍሎች አከታትላችሁ ብታዩ ሰውዬው ያው ነው። በእኛ ተከታታይ ድራማዎች ግን ሁለተኛው ምዕራፍ ሲመጣ የገጸ ባሕርዩ አነጋገር ይቀየራል፣ አካሄዱም ይጠፋል። «ተሰጥኦ ነው» እንዳትሉኝ፤ ምን እንዳደረገ ንገሩኝ።

ከመጋረጃ ጀርባ፦
መጀመሪያ ወረቀት ያዘ። ፕዋሮን የፈጠረችውን የደራሲዋን የአጋታ ክሪስቲን መጻሕፍት እያነበበ ስለ ፕዋሮ ያገኘውን በተራ ቁጥር ጻፈ፤ 93 ደረሰ። ቡናና ሻይ ላይ አራት ፍሬ ስኳር፣ አንዳንዴ ሦስት። ጫማው ጠባብ፣ ሹልና የሚያብረቀርቅ። «ኩሩ ነው» ብለህ ከጻፍክ በየቀረጻው ሌላ ኩራት ትጫወታለህ፤ «ስኳር አራት» ግን ከዓመት በኋላም አራት ነው።

አካሄዱም ከመጽሐፉ የመጣ ነው፣ አጭርና ፈጣን እርምጃ። እሱን ለማግኘት ከእንግሊዛዊው ተዋናይ ከሎሬንስ ኦሊቪዬ የተወሰደ ዘዴ ተጠቀመ፦ መቀመጫህ መሃል ሳንቲም ይዘህ ሳትጥል መሄድ። ሳቁ፣ ግን ሞክሩት፤ ጭን ይገጥማል፣ እግር ከጉልበት በታች ብቻ ይንቀሳቀሳል። የፕዋሮ ውፍረት ከልብስ ሥር የሚለበስ ንጣፍ ነው። የእኛ ልጆች ንጣፉን የሚያጠልቁት የቀረጻ ዕለት ነው፤ ንጣፍ ግን አቋቋምንም አቀማመጥንም ስለሚለውጥ ልምምዱም እሱው ተለብሶ መሆን አለበት።

ማይክ ያዥ፦
ድምፁን አትርሱ። የሱሼ የራሱ ድምፅ ከደረት የሚወጣ ወፍራም ነው። ፕዋሮ በአእምሮው የሚኖር ሰው ስለሆነ ድምፁን ከደረት ወደ ራስ አወጣው።

ችግሩ ተዋናይ ሲደክም ድምፁ ወደ ለመደበት መውረዱ ነው። ትዕይንቶች በቅደም ተከተል ስለማይቀረጹ የጠዋቱና የማታው ሲቀጠሉ ሁለት ሰው ይመስላል። መፍትሔው ቀላል ነው፦ በገጸ ባሕርዩ ድምፅ ሁለት ዓረፍተ ነገር ስልክህ ላይ ቅዳ፣ ሜካፕ እየተቀባህ ስማው፣ ከምሳ በኋላም ድገመው። ብሔራዊ ቴአትር ወይም ሀገር ፍቅር የኋላ ወንበር ድረስ መናገር ለለመደ ሰው ደግሞ የራስ ድምፅ ከጮኸበት ይቀጥናል። ኃይሉን ቀንስ፣ ቦታውን አትልቀቅ።

የድሮ ታዳሚ፦
በመሃል ያሉትን ዓመታት ዘለላችኋቸው። ሱሼ ሮያል ሼክስፒር ኩባንያ የተባለው የእንግሊዝ የቴአትር ቡድን የገባው እ.ኤ.አ. በ1973 ነው፤ ፕዋሮን እየሠራም መድረኩን አልተወም። በለንደንም በኒውዮርኩ ብሮድዌይም «አማዴዎስ» በተባለው ተውኔት የሞዛርትን ተቀናቃኝ ሳሊዬሪን ተጫወተ፤ እ.ኤ.አ. በ2008 ኢንተርናሽናል ኤሚ የተባለውን የቴሌቪዥን ሽልማት ያገኘው የጋዜጣ ከበርቴውን ሮበርት ማክስዌልን ሆኖ ነው። እ.ኤ.አ. በ2015 ደግሞ ሴት ሆኖ፣ በኦስካር ዋይልድ ተውኔት ውስጥ ያለችውን ሌዲ ብራክኔልን ተጫወተ። በየመሃሉ ሌላ አካል ስለሚለብስ ወደ ፕዋሮ ሲመለስ እንደ አዲስ መገንባት ነበረበት። የእኛ ተዋናይ ግን አንድ ድራማ ሲሳካለት ያንኑ አባት በሦስት ጣቢያ ይጫወታል። ከዚያ በኋላ የትኛው ልማድ የማን እንደሆነ እሱም አይለየው።

ቃለ ተውኔት፦
አመሰግናለሁ። በመጨረሻው ክፍል የታመመውና የሚሞተው ፕዋሮስ? እዚያ ተቀይሯል እኮ።

ከመጋረጃ ጀርባ፦
እዚያማ ሆን ብሎ ነው። ክብደት ቀነሰ፣ ንጣፉን አወለቀ። ያ ክፍል የተላለፈው መጨረሻ ላይ ቢሆንም የተቀረጸው ከቀሩት የምዕራፉ ክፍሎች በፊት ነው፤ የመጨረሻው የቀረጻ ቀን የሞቱ ቀን እንዳይሆን። ያየኸው ድካም ከመቀነስ የመጣ ነው። በሽተኛ ለመጫወት ሳልና ማቃሰት የሚጨምር ሰው ካለ መጀመሪያ ምን ላንሳ ብሎ ይጠይቅ።