ጥቅል ጎመን በስሎው ኩከር፦ ጎመኑ ፈርሶ ድንቹ የሚጠነክረው ለምንድን ነው?

የሱሉልታዋ፦

ሰላም ለሁላችሁ። የምንኖረው ሱሉልታ ነው፣ ቤተሰቡ 6 ሰው። ለረቡዕና ዓርብ እራት ጥቅል ጎመን በድንችና በካሮት በስሎው ኩከር (በዝቅተኛ ሙቀት ብዙ ሰዓት ቆይቶ የሚያበስል የኤሌክትሪክ ድስት) መሥራት እፈልጋለሁ። ዕቃው 6 ሊትር ይይዛል፣ የውስጡ ድስት ሸክላ ነው፣ ማዞሪያው ላይ ሎው (ዝቅተኛ)፣ ሃይ (ከፍተኛ) እና ዋርም (ማቆያ) አለው። ጠዋት 1 ሰዓት ሰክቼው እወጣለሁ፤ የምመለሰው ማታ 12 ሰዓት ነው። ልጆቹ 9 ሰዓት ተኩል ላይ ይገባሉ፣ ትልቋ 15 ዓመቷ ነው።

የሚወጣው እንዲህ ነው፦ ጎመኑ ይፈርሳል፣ ድንቹ መሃሉ ይጠነክራል፣ ከሥር 2 ብርጭቆ የሚሆን ውሃ ይተኛል፤ እንጀራ ላይ ሲወጣ እንጀራውን ያረሰርሰዋል። ሽታውም ይከብዳል። ሁሉንም በጥሬው ከትፌ፣ አንድ ላይ ደባልቄ፣ 2 ብርጭቆ ውሃና 3 ቲማቲም ጨምሬ በሎው ነው የምተወው። ስህተቱ የት ጋ ነው? መጠኑን በግራምና በብርጭቆ ብትነግሩኝ ደስ ይለኛል።

ወጥ ቤት፦

እህቴ፣ ከውሃው እንጀምር። ጥቅል ጎመን ከ100 ግራሙ 92 ግራም ያህሉ ውሃ ነው። ድስት ላይ ስትሠሪው ውሃው በእንፋሎት ይሄዳል። እዚህ ግን ክዳኑ እንፋሎቱን ይይዝና መልሶ ያንጠባጥበዋል፤ ብዙም አይወጣም። አንድ ኪሎ ጎመን ራሱ ሊትር የሚጠጋ ውሃ ይዞ እየገባ 2 ብርጭቆ መጨመር ሾርባ መሥራት ነው።

ድንቹን ያጠነከረው በአብዛኛው ቲማቲሙ ነው። ኮምጣጣ ነገር ድንችና ካሮት እንዳይለሰልሱ አጥብቆ ይይዛቸዋል፤ ሎሚም እንደዚሁ ነው። አልጫ ስለሆነ ቲማቲሙን ብትተዪው ይሻላል። ካማረሽ ግን ድንቹ ከበሰለ በኋላ ጨምሪው።

ሌላው ከፍታው ነው። ባሕር ጠለል ላይ ውሃ በ100 ዲግሪ ይፈላል፤ አዲስ አበባ ላይ በ92 አካባቢ፣ እናንተ ጋ ደግሞ ከዚያም ትንሽ ዝቅ ብሎ። ድንችና ካሮት በደንብ መለስለስ የሚጀምሩት ከ85 ዲግሪ በላይ ስለሆነ የቀረሽ ልዩነት ጠባብ ነው። የመመሪያው ሰዓት የተጻፈው ለቆላ ነው ብለሽ አስቢው። ከላይ የተቀመጠ ድንች ደግሞ እንፋሎት ብቻ ነው የሚያገኘው። ማሞቂያው ሽቦ የሸክላውን ጎን ዙሪያ ስለሚከብ ድንቹ ከሥርና ከግድግዳው ጋር ተጠግቶ መቀመጥ አለበት።

ለ6 ሰው፦ ድንች 1 ኪሎ፣ ካሮት 500 ግራም፣ ጥቅል ጎመን ተስተካክሎ 1 ኪሎ፣ ቀይ ሽንኩርት 300 ግራም፣ ዘይት ሩብ ብርጭቆ፣ ነጭ ሽንኩርት 6 ፍሬ (ሙሉ ራሱን ሳይሆን ከውስጡ የሚፈለቀቀውን)፣ አውራ ጣት የሚያህል ዝንጅብል፣ እርድ 1 የሻይ ማንኪያ፣ ጨው 2 የሻይ ማንኪያ፣ ቃሪያ 3።

ቁሌቱን ምድጃ ላይ መሥራት ግድ ነው። ይህን የሚዘል ሰው ምንም ቢያደርግ የጎመን ወጥ አያገኝም፤ ስሎው ኩከር ከመፍላት አያልፍምና ጥሬ ሽንኩርት እዚያ ውስጥ ይቀቀላል እንጂ አይቁላላም። ሽንኩርቱን አድቅቀሽ ያለ ዘይት 5 ደቂቃ አማስዪው፤ ሊይዝ ሲል ውሃ ጠብ አድርጊበት። ዘይቱን ጨምረሽ ሌላ 8 ደቂቃ። አልጫ ስለሆነ ቀለም እንዳይይዝ፤ ጥሬ ሽታው ለቅቆ ዘይቱ ዳር ዳሩን ለይቶ መታየት ሲጀምር ይበቃዋል። ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብሉን አንድ ደቂቃ፣ እርዱን ደግሞ ዞር ዞር አድርገሽ ከእሳት አውጪው፤ እርድ ካረረ ይመርራል። ማታውኑ ሠርተሽ ፍሪጅ ማሳደር ትችያለሽ፣ ጠዋት ግን አሙቀሽ ነው የሚገባው። ድንቹንም ማታ ልጠሽ ውሃ ውስጥ ብታሳድሪው አይጠቁርም።

ጠዋት፦ ድንቹን መካከለኛ ከሆነ ለአራት ቁረጪው። ካሮቱ ከድንች ይልቅ ስለሚዘገይ ከአንድ ሳንቲ ሜትር አይወፍር። ከቁሌቱና ከ1 የሻይ ማንኪያ ጨው ጋር አሽተሽ ከሥር ደልድዪው። ጎመኑ ገና ስላልገባ 1 ብርጭቆ የሞቀ ውሃ ጨምሪ፤ ባዶውን ከተተወ ከ8 ሰዓት በላይ ስለሚቆይ ዳር ዳሩ ይይዛል። ሎው ላይ አድርጊና ውጪ።

9 ሰዓት ተኩል ላይ ልጅሽ አንዱን ድንች በቢላ ትውጋው። ቢላው ሳይታገል ከገባ ጎመኑን ከላይ ትጨምር፤ ከታገለ ሃይ ላይ አድርጋ ግማሽ ሰዓት ጠብቃ ትጨምር። ጎመኑ ማታውኑ ታጥቦ፣ በደንብ ተንጠፍጥፎ፣ ሁለት ጣት በሚሆን ስፋት ተቆርጦ ፍሪጅ ይቆያታል። ቀጭን የተከተፈ ነው ቶሎ የሚፈርሰው። እስከ ክዳኑ ቢሞላ አትደንግጥ፤ በእጇ ጫን አድርጋ ትክደነው፣ ግማሽ ሰዓት ሳይሞላ ይወርዳል። ከዚያ ሃይ ላይ አድርጋ አትክፈተው። ክዳን አንዴ በተነሣ ቁጥር የሄደው ሙቀት ለመመለስ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይፈልጋል። ቃሪያውንና የቀረውን ጨው ስትመለሺ አንቺ ትጨምሪያለሽ፤ ጨው ቀድሞ ከገባ ከጎመኑ ውሃ ያወጣል።

የመብራት ሰው፦

ከላይ የተባለው ሁሉ ልክ ነው፤ ግን ከከተማው ዳር ለምንኖር አንድ ነገር ይቀረዋል፤ የኃይል መውረድ። የማሞቂያ ጉልበት ከቮልቴጁ ጋር እኩል አይደለም የሚወርደው፤ በካሬው ነው። 240 ዋት ተብሎ የተጻፈበት ዕቃ ያን የሚሰጠው 220 ቮልት ሲያገኝ ነው። መስመሩ 190 ከሆነ 180 ዋት ገደማ፣ 180 ከሆነ 160 ዋት ብቻ ይሰጣል። መብራቱ እንዳለ እያያችሁት ዕቃው በሁለት ሦስተኛ ጉልበት ነው የሚሠራው። ሶኬቱን ቮልት በሚለካ ቴስተር ለኩት፤ ዘወትር ከ200 በታች ከሆነ ሎው የሚለውን ረስታችሁ ሃይ ተጠቀሙ፣ ወይም 500 ዋት ስታቢላይዘር (ቮልቴጁን የሚያስተካክል ዕቃ) ይበቃል። የእንጀራ ምጣድ ብቻውን 3 ኪሎዋት ያልፋል፤ በአንድ መስመር ላይ እሱ ሲበራ ይህኛው ይራባል።

መብራት ሲሄድ ደግሞ፦ በማዞሪያ የሚሠራው መብራት ሲመለስ ራሱ ይቀጥላል፣ በቁልፍና በስክሪን የሚሠራው ግን አብዛኛው ጠፍቶ ይቀራል። የእርስዎ የማዞሪያ መሆኑ ጥሩ ነው፤ ችግሩ ስንት ሰዓት እንደጠፋ አለመታወቁ ነው። መፍትሔው ሶኬት ላይ የሚሰካ፣ ክብ ሰዓቱ የሚዞር ታይመር ነው። መብራት ሲሄድ እሱም ይቆማል። ጠዋት ትክክለኛው ሰዓት ላይ አስተካክለው፣ ቀኑን ሙሉ እንዲያበራ አድርገው ይተዉት፤ ማታ ከእጅ ሰዓትዎ በምን ያህል ወደኋላ እንደቀረ ያዩታል፤ ያ ነው የጠፋበት ጊዜ። ከ2 ሰዓት በላይ ጠፍቶ ከቆየ ወይም ድስቱ እጅ የማያቃጥል ለብታ ላይ ከደረሰ ይደፋ። ያሳዝናል፣ ግን ለልጆች አይሰጥም። የጠፋው ከዚያ ላነሰ ጊዜ ሆኖ ሲከፈት በደንብ የሚተን ከሆነ ወደ ጋዝ ወይም ከሰል አዙረው ያፍሉት።

ከአሜሪካ የመጣ ዕቃ ላላችሁም፦ ከጀርባው 120 ቮልት የሚል ከሆነ ሶኬቱን ብቻ ቀይራችሁ አትሰኩት። በ220 ላይ ከሦስት እጥፍ በላይ ጉልበት ይስባል፤ ይቃጠላል። ትራንስፎርመር ያስፈልገዋል።

የሱሉልታዋ፦

እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ሽታውስ? ደግሞ ለልጆቹ እንዲያጠግብ ቦሎቄ ልጨምርበት? በፍስክ ቀን ሥጋ ማስገባት ይቻላል?

እማማ ጓዳ፦

የኔ ልጅ፣ ሽታው ከርዝመቱ ነው። ጎመን ውስጡ ድኝ ያለበት ነገር አለ፤ ብዙ ሰዓት በበሰለ ቁጥር ይለቀዋል። ጎመኑ ከ11 ሰዓት ወደ 2 ሰዓት ተኩል ከወረደ ሽታው ይቀንሳል፣ ሌላ መድኃኒት አትፈልጊ።

ቦሎቄ ላይ ግን ቆም በይ። ጥሬ ቦሎቄ፣ በተለይ ቀዩ፣ ሆድ የሚያገላብጥ መርዝ አለው። በደንብ ሲፈላ ይጠፋል፤ በስሎው ኩከር ዝቅተኛ ሙቀት ግን ላይጠፋ ይችላል። አሳድረሽ ዘፍዝፊው፣ ውሃውን ድፊ፣ በአዲስ ውሃ ምድጃ ላይ እየተንተከተከ ቢያንስ 30 ደቂቃ አፍዪው፣ ያንንም ውሃ ድፊ። ከዚያ ከድንቹ ጋር ጠዋት ይገባል። 1 ብርጭቆ ደረቅ ቦሎቄ ይበቃል።

ለፍስክ 600 ግራም ጎድን ከነአጥንቱ ውሰጂ። በረዶ የያዘ ሥጋ በፍጹም አይግባ፤ መሃሉ እስኪሞቅ ለብ ብሎ ብዙ ሰዓት ይቆያል፣ ሥጋ የሚበላሸው ያኔ ነው። ቁሌቱ ውስጥ ገልበጥ ገልበጥ አድርጊው፣ ከድንቹ ሥር አስተኚው፣ ከቤት እስክትወጪ ሃይ ላይ ይቆይ፤ ከተቻለ አንድ ሰዓት ቀደም ብለሽ ጀምሪው። ቅቤውና መከለሻው ስትመለሺ፣ ሊወጣ 10 ደቂቃ ሲቀረው ነው የሚገባው፤ ጠዋት ከገባ መዓዛው ማታ አይገኝም።

ወጥ ቤት፦

አሁንም ቀጠን ብሎ ከወጣ ሁለት ሦስት ድንች ከዚያው አውጥተሽ ፍጪና መልሺው፣ ክዳኑን ከፍተሽ ሃይ ላይ 20 ደቂቃ ተዪው፤ እንጀራው አይርስም። ትኩሱ ሸክላ ላይ ቀዝቃዛ ውሃ እንዳታፈሺበት፤ ይሰነጠቃል። የተረፈውን እዚያው አታሳድሪው፤ ጠፍጣፋ ዕቃ ላይ ገልብጠሽ ሲቀዘቅዝ ፍሪጅ አስገቢው፣ በነጋታው ምድጃ ላይ አሙቂው። ዋርም የበሰለን ለማቆየት ነው፤ ቀዝቃዛ ምግብ አያሞቅም።