ሞስኮ ያለችው ትንሽ የአንግሊካን ቤተ ክርስቲያን ብሄድ ችግር አለው?

የቀበና_ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ማስተርሴን ልማር ሞስኮ ከመጣሁ አምስት ወሬ ነው። ኦርቶዶክስ ነኝ። እሑድ እሑድ ሰፈሬ ያለ የሩሲያ ቤተ ክርስቲያን እሄድና ሻማ አበራለሁ፣ ግን ጸሎቱ በድሮው ስላቭኛ ስለሆነ አንድ ቃል ሳይገባኝ ቆሜ ቆሜ እመለሳለሁ። ዶርም አብሮኝ የሚኖር ናይጄሪያዊ ልጅ ቅዱስ እንድርያስ የሚባል የእንግሊዞች ቤተ ክርስቲያን እንሂድ እያለ ይጎተጉተኛል። ትቬርስካያ ጎዳና አጠገብ ነው፣ ቀይ የጡብ ሕንፃ። አገልግሎቱ በእንግሊዝኛ ነው፣ ሰዉ ግን በጣት የሚቆጠር ነው አለኝ። እነዚህ ሰዎች ጴንጤ ናቸው ወይስ እንደ ካቶሊክ? ቁርባንስ? እናቴ ብትሰማ ምን ትለኛለች እያልኩ ሳወጣ ሳወርድ ሰነበትኩ።

ሚሚ_ዘሞስኮ፦
ሂድ ወንድሜ! ተማሪ ሳለሁ ሁለት ዓመት ተመላልሼበታለሁ። ሕንፃው ብዙ ያየ ነው። በፈረንጅ 1884 ተሠራ፣ ከአብዮቱ በኋላ በ1920 ተዘጋ፣ ከዚያ ሜሎዲያ የሚባለው የሶቪየት ሸክላ አሳታሚ የሙዚቃ መቅጃ ስቱዲዮ አደረገው፣ ድምፅ ውስጡ ሲያምር ልነግርህ አልችልም። ጸሎት የተመለሰው በ1991 ነው። ንግሥት ኤልሳቤጥም በ1994 ሞስኮ ስትመጣ ጎብኝታዋለች።

እኔን የያዘኝ ግን ሰዉ ነው። የመጀመሪያ ቀን ካፖርቴን እንኳ ሳላወልቅ አንዲት አሮጊት የመዝሙር መጽሐፍ ገልጠው፣ ቁጥሩን በጣታቸው እያሳዩ ሰጡኝ። ከአገልግሎት በኋላ ሻይ አለ፣ እንዳታመልጥ። ጥቂት ስለሆኑ ማንም ተመልካች ሆኖ አይቀርም። በሦስተኛው ሳምንት «የሚቀጥለውን እሑድ ምንባብ አንቺ ታነቢያለሽ» ተባልኩ። የሚከብደው መለያየቱ ነው። ዲፕሎማቱም ተማሪውም ሁለት ሦስት ዓመት ቆይቶ ይሄዳል፣ ልክ ስትላመድ ሽኝት ነው። ደግሞ የቄሱን ደሞዝ የሚችሉት ምእመናኑ ራሳቸው ስለሆኑ ሙዳየ ምጽዋቱ ሲዞር ትንሽ ነገር ጣል አድርግ።

የሰንበት_ተማሪ፦
ጴንጤ አይደሉም፣ ካቶሊክም አይደሉም። በ16ኛው ክፍለ ዘመን ከሮም ተለዩ፣ ግን ጳጳስ፣ ቄስና ዲያቆን አላቸው፣ የተጻፈ የጸሎት ሥርዓትም አላቸው። ሴት ቄስ ብታይ አትደንግጥ።

ቁርባን ግን አይሆንም ወንድሜ። እነሱ ሌላ ቤተ ክርስቲያን የሚቆርብ የተጠመቀ ክርስቲያን ቢመጣ ይቀበላሉ፣ የኛ ሥርዓት ግን አይፈቅድም። ከሩሲያዎቹም ጋር ቢሆን በቁርባን አንድ አይደለንም። ሰው ሲቆርብ ቦታህ ላይ ብትቆይ ማንም አይቀየምህም። ለነፍስ አባትህ ደውለህ ንገራቸው፣ ተደብቀህ አትሂድ። ለእናትህም ንገራት፣ ልጄ እሑድን ብቻውን ዶርም ተኝቶ ነው የሚያሳልፈው ብላ ከምትጨነቅ ይሻላል።

ሚሚ_ዘሞስኮ፦
ልክ ነህ። እኔም አልቆረብኩም። ሁለት እጄን ደረቴ ላይ አመሳቅዬ ስቀርብ ቄሱ ባርከውኝ እመለስ ነበር። አንድ ነገር ልጨምር፣ የእነሱ ገና ታኅሣሥ 16 ነው፣ በሞስኮ የሥራ ቀን። ሰዉ ከሥራ ወጥቶ በበረዶ እየሮጠ ነው የሚመጣው። የሩሲያዎቹ ገና ግን ከኛው ጋር አንድ ቀን ነው፣ እሱን እዚያው ሰፈርህ አክብር።

የቀበና_ልጅ፦
ሄድኩ! ነፍስ አባቴ ቁርባኑን ብቻ ተጠንቀቅ ብለው ፈቀዱልኝ። አሥራ አራት ሰው ነበርን። ሰባኪው ያሉት ግማሹ አልገባኝም፣ ልዋሻችሁ አልችልም። ከዚያ ቄሷ «የጌታን ጸሎት እያንዳንዳችሁ በቋንቋችሁ» አለች። ጓደኛዬ በኢግቦ ጀመረ፣ ከኋላዬ አንዱ በሩሲያኛ። እኔም «አባታችን ሆይ» አልኩ። ከአገሬ ከወጣሁ ድምፄን አውጥቼ ስጸልይ የመጀመሪያዬ ነበር፣ «የዕለት እንጀራችንን» ላይ ስደርስ ድምፄ ተቆረጠ። አሮጊቷ አሁንም አሉ ሚሚ፣ መጽሐፉን ገልጠው ሰጡኝ። የሚመጣው እሑድ ሻይ የማፍላቱ ተራ የኔ ነው፣ ቅርንፉድና ቀረፋ ከየት እንደምገዛ የምታውቁ ንገሩኝ።