ሥነ ዘመን፣ ቀን ቆረጣ ወይስ ሥነ ቀጠሮ?

ጠያቂው፦ እንደምን ከረማችሁ። በምጽፈው ልቦለድ ውስጥ ደሴ ላይ፣ ጦሳ ተራራ ሥር የሌለ ዩኒቨርሲቲ ተክያለሁ፤ እዚያ ውስጥ ደግሞ የሌለ የትምህርት ክፍል አለ። የሚያጠናው ኅብረተሰብ ጊዜን እንዴት እንደሚያበጅ ነው፦ ገበያ በምን ቀን እንደሚቆም፣ ሙሽራ በየትኛው ወር እንደማይዳር፣ ማን ማንን ደጅ እንደሚያስጠና። «ሥነ ዘመን» ብዬው ነበር፤ የታሪክ ትምህርት መሰለብኝ። ሌላ ስም ካላችሁ ወዲህ በሉ።

የሸዋ በሩ፦ ዘመን የንጉሥ ነው። «በምኒልክ ዘመን» እንጂ «በምኒልክ ቀን» አንልም። «ጊዜ»ም አይሆንህም፤ የእኛ ጊዜ ራሱ አድራጊ ነው። ጊዜ ያነሳል፣ ጊዜ ይጥላል፣ ጊዜ የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል። ሰው እጁን የሚያስገባው ቀን ላይ ነው፤ ቀን ይቆረጣል፣ ቀን ይቆጠራል። «ቀን ቆረጣ» በለው።

የኮምቦልቻዋ፦ ጋሼ፣ ቀንስ መች ዝም ብሎ ይቆረጣል? «ቀን ጣለው»፣ «ቀን ጎደለበት»፣ «ቀን ወጣለት» ስንል አድራጊው ማን ሆነና! እኔ «ሥነ ቀጠሮ» እላለሁ። ፀሐይ አትቀጥርም፤ የሚቀጥረው ዳኛ ነው፣ ሽማግሌ ነው፣ አለቃ ነው። እዚህ ፋብሪካ የሚሠራ ወንድሜ ሌሊት ሽፍት አድሮ በቀትር ሲተኛ፣ እናታችን ሊጠይቀው ለመጣ ሁሉ «ገና አልነጋለትም» ትላለች። ለእሱ የሚነጋው ፋብሪካው ሲፈቅድ ነው ማለት ነው።

የባቲው፦ ስሙን እናንተ ጨርሱት፤ እኔ ለክፍሉ የመጀመሪያ ትምህርት ልስጠው። ደሴ ውስጥ ሰኞ ገበያ የሰፈር ስም ነው። ረዳቱ ሐሙስም ሆነ ቅዳሜ «ሰኞ ገበያ! ሰኞ ገበያ!» እያለ ይጣራል፤ ግራ የሚገባው እንግዳ ብቻ ነው። ቆቦ አጠገብ ያለችው ሮቢትም ከሮብ ነው የተወለደችው። የእኛ የባቲ ሰኞ ግን እስካሁን ሰኞ ነው፤ በሌላ ቀን ግመል ልገዛ ብትመጣ ትደክማለህ።

የሸዋ በሩ፦ እሺ፣ «ቀን» ሁለት ፊት እንዳለው ተቀብያለሁ። ቆረጣውን ግን አልለቅም፤ ደሴ ላይ ምን እንደሚመስል ተመልከቱ። ክርስቲያኑ ከጥምቀት እስከ ቅበላ ባለው ጊዜ ልጁን ይድራል፤ ዓቢይ ጾም ከገባ ሠርግ የለም። ጎረቤቱ ሙስሊም ነው፤ እሱ ሳይበላ የሚያልፍ ድግስ ደግሞ ወሎ ላይ ነውር ነው። ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ገደማ እየቀደመ ይመጣል፤ በ2017 እና በ2018 ከዓቢይ ጾም ጋር ገጥሟል። ሽማግሌው ቡናው በረካ እስኪደርስ ጣቱን እያጠፈ ሁለቱንም ያሰላል፣ ከዚያ «ከቅበላው ሁለት ሳምንት ቀደም እናድርገው» ይላል። ይህን የሚያህል ጥናት ሳታስገባ ልቦለዱን እንዳታትም።

ሌላ አባል፦ የቤተ ክርስቲያኑ የበዓላትና የአጽዋማት ቀን ማስሊያ፣ ባሕረ ሐሳብ፣ እንዴት ተዘነጋ? መጥቅዕና አበቅቴ የሚባሉት ሁለቱ የስሌቱ ቁጥሮች ሲደመሩ 30 የሚሞሉት፣ የጾመ ነነዌ መግቢያ ከሰኞ የማትወጣው፣ ሰዎች እንዲያ ብለው ስለደነገጉት ነው። የትምህርት ክፍሉ የሌለ ቢሆንም አያቱ አለ። በነገራችን ላይ «ቀነ ቀጠሮ» የሚል ቃል በእጃችን እያለ ስለምን ትጣላላችሁ?

የኮምቦልቻዋ፦ «ቀነ ቀጠሮ» የፍርድ ቤት ኮሪደር ይሸታል። ተማሪ አይመዘገብበትም።

ጠያቂው፦ «ሥነ ቀጠሮ» ብዬ ጽፌዋለሁ፤ «ቀን ቆረጣ» የሁለተኛ ዓመት ኮርስ ይሆናል፣ ጋሼም እንዳይከፋቸው። ባለሙያውን ግን ምን ልበለው? «ቀጣሪ»?

የሸዋ በሩ፦ ኧረ ተው! ቀጣሪ ካልከውማ ሥራ ፈላጊ ሁሉ ማስረጃውን ይዞ ይሰለፍበታል። «ቀጠሮ አዋቂ» በለው።